ሲድኒ ሼልደን፦ ከሃምሳ ዓመቱ በኋላ ልብ ወለድ የጀመረው ሰው

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

ሰላም ለሁላችሁ። ሰሞኑን በዚህ መድረክ ስለ አሜሪካዊው ልብ ወለድ ደራሲ «የሲድኒ ሼልደን መጻሕፍት ጊዜ ከማሳለፍ በቀር ፋይዳ የላቸውም» የሚል አስተያየት ተጽፎ ብዙ ሰው ተስማማበት። እኔ አልስማማም፤ ምክንያቴንም በሚገባ ማስረዳት እፈልጋለሁ። ደሴ ውስጥ አብረውኝ ካደጉት ልጆች አብዛኞቹ ንባብን የለመዱት ከመጽሐፍ አከራዮች ነው። ሽፋኑ በፕላስተር የተጣበቀ፣ ጠርዙ ከብዙ እጅ ብዛት የወየበ መጽሐፍ ለአንድ ሌሊት ተከራይተን በማግሥቱ እንመልስ ነበር። ወደ አማርኛ የተመለሱት የሼልደን ልብ ወለዶች ወረፋ የሚያዝላቸው ነበሩ። ይህን ያህል ያነበብነው ሰው ማን እንደ ነበር፣ እንዴትስ ይሠራ እንደ ነበር ስንነጋገር ግን አልሰማሁም።

ሼልደን የተወለደው እ.ኤ.አ. ፌብሩዋሪ 11 ቀን 1917 በቺካጎ ነው፤ የቤተሰቡ ስም ሼክተል ነበር። ወላጆቹ ትምህርታቸውን ከሦስተኛ ክፍል ያቋረጡ ሰዎች ሲሆኑ፣ አባቱ በሕይወቱ አንድም መጽሐፍ አንብቦ እንደማያውቅ ሼልደን ራሱ ተናግሯል። የወጣትነቱ ጊዜ የታላቁ የኢኮኖሚ ድቀት ዘመን ነበር። አባትየው ሥራ ፍለጋ ቤተሰቡን ከከተማ ከተማ ሲያዘዋውር ልጁ በመድኃኒት ቤት ተላላኪነትና ባገኘው ሥራ ሁሉ ሲደክም አደገ። ኖርዝዌስተርን ዩኒቨርሲቲ ነፃ የትምህርት ዕድል አግኝቶ ቢገባም አልጨረሰም። ኒው ዮርክ ሄዶ የዘፈን ደራሲ ለመሆን ሞከረ፤ አልሆነለትም። በ1937 ሆሊውድ ገባና ለፊልም ኩባንያዎች ልብ ወለዶችን እያነበበ ታሪካቸውን አሳጥሮ የሚያቀርብ አንባቢ ሆኖ ተቀጠረ።

በእኔ እምነት ደራሲነቱ የተጠነሰሰው እዚህ ላይ ነው። የሌላ ሰው ታሪክ የት ላይ እንደሚላላ፣ የት ላይ እንደሚጠብቅ በየቀኑ እየመዘነ እንጀራውን የበላ ሰው ነው። ቀን የሰው ጽሑፍ ያነባል፤ ማታ የራሱን ይጽፋል። ቀጥሎ በትንንሽ ፊልሞች፣ ከዚያም በብሮድዌይ (በኒው ዮርክ የቴአትር መንደር) የሙዚቃ ተውኔቶች ላይ ሠራ። በሁለተኛው የዓለም ጦርነት ጊዜ በአብራሪነት ሠልጥኖ ነበር፤ ክፍሉ ለውጊያ ሳይሰለፍ ተበተነ። በ1947 ለወጣው «ዘ ባችለር ኤንድ ዘ ቦቢ ሶክሰር» ለተባለው ፊልም በጻፈው ጽሑፍ የኦስካር ሽልማት አገኘ። በ1959 ደግሞ «ሬድሄድ» በተባለው ሙዚቃዊ ተውኔት ለቴአትር የሚሰጠውን የቶኒ ሽልማት ተጋራ። በሁለቱ ሽልማቶች መካከል ጽፎ ያዘጋጀው የድምፅ አልባ ፊልም ኮሜዲያኑ የባስተር ኪተን የሕይወት ታሪክ ፊልም በ1957 ወጥቶ ክፉኛ ከሸፈበት። ውድቀቱን የምጠቅሰው ሰውየው ከስኬት ወደ ስኬት ሲራመድ የኖረ እንዳይመስለን ነው።

ከዚያ ቴሌቪዥን መጣ። ከ1965 እስከ 1970 የታየውን «አይ ድሪም ኦቭ ጂኒ» የተባለውን ተከታታይ ፈጠረ፤ አብዛኛውንም ክፍል የጻፈው ራሱ ነው። ስሙ በየሳምንቱ በስክሪኑ ላይ እየደጋገመ ስለበዛ ለአንዳንዶቹ ክፍሎች የብዕር ስም እስከ መጠቀም ደርሷል። የመጀመሪያ ልብ ወለዱን የጻፈው በዚህ ጥድፊያ መካከል ነው። አንድ ሰው ሊገድለው ስለሚያሳድደው የሥነ ልቦና ሐኪም ሐሳብ መጥቶለት፣ የሐኪሙ ውስጣዊ ሐሳብ በካሜራ ሊታይ እንደማይችል ስለተረዳ ወደ መጽሐፍ ዞረ። ጧት ከሦስት ሰዓት እስከ ስድስት ሰዓት በሩን ዘግቶ፣ ስልክ ሁሉ ለጸሐፊው (ለሴክሬተሪው) ተሰጥቶ ልብ ወለዱን ይሠራል፤ ከሰዓት በኋላ ወደ ቴሌቪዥኑ ጣጣ ይመለሳል። «ዘ ኔክድ ፌስ» በ1970 ሲታተም ደራሲው ሃምሳውን ተሻግሮ ነበር። በወንጀል ልብ ወለድ ለጀማሪ ደራሲዎች በሚሰጠው የኤድጋር ሽልማት ከዕጩዎቹ አንዱ ሆነ። በ1973 «ዚ አዘር ሳይድ ኦቭ ሚድናይት» ተከተለና ዝናው ዓለምን አዳረሰ። እስከ 2004 ድረስ 18 ልብ ወለዶች ጻፈ፤ ከ300 ሚሊዮን ቅጂ በላይ እንደተሸጡለት ይነገራል። ጃንዋሪ 30 ቀን 2007 በካሊፎርኒያ ሲያርፍ ዘጠና ዓመት ሊሞላው ቀናት ብቻ ቀርተውት ነበር።

እንዲህ የለፋን ሰው «ፋይዳ የለውም» ከማለታችን በፊት ልፋቱን እንመልከት ነው የምለው።

ቦርከና (ኮምቦልቻ)

እጅህ ይባረክ ወንድሜ። እኔ ሁልጊዜ የማስበው በወጣትነቱ ሀብታም የነበረ፣ ከሞላለት ቤት የወጣ ሰው አድርጌ ነበር። መጽሐፎቹ ውስጥ ያለው ጀልባና አልማዝ ነው እንዲህ የሚያስመስለው። ሴቶቹን እንደዚያ ጠንካራ አድርጎ የመጻፉ ምክንያት ምን እንደሆነ የምታውቀው ነገር አለ?

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

አለ። እናቱ ናታሊና ባለቤቱ ተዋናይቷ ጆርጃ ከርትራይት ብርቱ ሴቶች እንደ ነበሩ፣ የሴት ገጸ ባሕርያቱም ከእነሱ እንደሚቀዱ ተናግሯል። ውበትና ብልሃት በአንድ ሴት ላይ አይገናኙም የሚለውን የድሮ አስተሳሰብ መስበር እፈልጋለሁ ይል ነበር። ጆርጃ በ1985 ሞተችበት። ከዚያ በፊትም ሁለተኛ ልጃቸው በጨቅላነቷ ሞታለች፤ በኋላ በማደጎ የወሰዷትን ሕፃን ደግሞ ወላጅ እናቷ ሐሳቧን ቀይራ ወስዳታለች። ይህን ሁሉ በ2005 ባወጣው ግለ ታሪኩ ጽፎታል። አንዲት እናት ልጇን የምታጣበትን ገጽ ሲጽፍ ከየት እንደሚያመጣው ያን ካነበብኩ በኋላ ነው የገባኝ።

መምህር ዘወልድያ

የጦሳ ልጅ፣ ጽሑፍህን በጥሞና አነበብኩት። ስለ ሰውየው ትጋት ያልከውን እቀበላለሁ። ትጋት ግን መጽሐፉን ጥሩ አያደርገውም። እኔ ለብዙ ዓመታት አማርኛ ያስተማርኩ ሰው ነኝ፤ ቅሬታዬም ከክፍል ውስጥ የመጣ ነው።

በመጀመሪያ፣ ታሪኮቹ በአጋጣሚ ላይ የቆሙ ናቸው። ሰዎቹ መገናኘት ሲኖርባቸው በሰፊው ዓለም መካከል ይገናኛሉ፤ ደራሲው ሲጨነቅ አንድ ደብዳቤ ከየትም ይመጣል። ሁለተኛ፣ በሴቶቹ ላይ የሚደርሰው ግፍ አንዳንድ ጊዜ ታሪኩ ከሚጠይቀው በላይ ይዘረዘራል። ጥንካሬያቸውን ለማሳየት መጀመሪያ እስከዚያ ድረስ መዋረድ አለባቸው ወይ? ሦስተኛው ደግሞ ዋናው ነው። ልብ ወለድ ጻፉ ስላቸው ተማሪዎቼ ስለማያውቁት ከተማ ካዚኖና ሊሞዚን ይጽፉልኛል። የወልድያን አውቶቡስ መናኸሪያ በየቀኑ እያቋረጡ አንዲት መስመር አይወጣቸውም። ይህ የማን ተጽዕኖ ነው?

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

መምህር፣ ስለ አጋጣሚውና ስለ ግፉ ያነሡትን አልከራከርም። በተለይ ግፉ ላይ እኔም እያለፍኩ የማነባቸው ገጾች አሉ።

ሦስተኛው ላይ ግን ልጆቹ ከሼልደን የወሰዱት ሽፋኑን ነው፤ አሠራሩ ተቃራኒ ነበር። ያላየውን ቦታ አይጽፍም። ገጸ ባሕርዩ በአንድ አገር ምግብ ቤት ከበላ እሱ እዚያ ሄዶ፣ ከዚያው ምግብ ቤት በልቷል ማለት ነው። አንባቢን ማታለል አልችልም ይል ነበር። ስለዚህ የሼልደን እውነተኛ ተማሪ ስለ ባቲ ሊጽፍ ቢነሣ፣ ሰኞ ዕለት ገበያው መካከል ይገኛል፤ ከቆላ ግመል እየነዳ የመጣው ነጋዴ ምን እንደሚሸጥ፣ በምን ቋንቋ እንደሚዋዋል፣ ፀሐዩ ሲበረታ የት እንደሚጠለል ይጠይቃል። ተማሪዎችዎን ካዚኖ ያስጻፋቸው እሱ ሳይሆን ጥያቄ ሳይጠይቁ መጻፋቸው ነው።

አሠራሩን ካነሣን ልቀጥል፤ እኔን ከሁሉ በላይ የሚገርመኝ ይህ ነው። ሼልደን ልብ ወለዶቹን ሲጀምር የታሪኩ ንድፍ አይኖረውም። አንድ ገጸ ባሕርይ ይዞ ይነሣል፤ ታሪኩን ለሴክሬተሪው በቃሉ እየተናገረ ያስጽፋታል። ቀኑ ሲቀናው 50 ገጽ ያህል ይናገራል። በማግሥቱ የትናንቱን አርሞ ይቀጥላል። እንዲህ እያለ 1,200 ወይም 1,500 ገጽ ይደርሳል። ሌላው ሰው «ጨረስኩ» የሚለው እዚህ ላይ ነው፤ ለእሱ ሥራው ገና መጀመሩ ነው። ከዚያ በኋላ ያለው እንደገና መጻፍ፣ መቁረጥ፣ ማጥበቅ ነው። አንዱን መጽሐፍ እስከ ደርዘን ጊዜ እንደገና ይጽፈዋል፤ ለዚህም ከአንድ ዓመት እስከ አንድ ዓመት ተኩል ይፈጅበታል። በመቶ የሚቆጠር ገጽ ቆርጦ የሚጥል ሰው ነበር። በአንድ ሌሊት ያነበብነው በአንድ ሌሊት የተጻፈ ስለመሰለን ነው የናቅነው።

ዓለም ነሽ (ወረኢሉ)

በቃሉ ያስጽፍ እንደ ነበር አላውቅም ነበር፤ አሁን አንድ ነገር ገባኝ። እኛ ቤት ከአክስቴ ጋር ነው የማነበው። አክስቴ ፊደል አልቆጠረችም። ቡና ሲፈላ እኔ ድምፄን ከፍ አድርጌ አነባለሁ፤ እሷ እያዳመጠች ትቆላለች፣ ትወቅጣለች፣ ትቀዳለች። ብዙ ጥሩ ጥሩ መጻሕፍት ሞክረን እንቅልፍ ወስዷታል። በ«ኢፍ ቱሞሮው ከምስ» ውስጥ የባንክ ሠራተኛዋ ትሬሲ ዊትኒ በሐሰት ተወንጅላ እስር ቤት ስትገባ ግን አቦሉ ተቀድቶ እስኪቀዘቅዝ ድረስ ሲኒዋን አላነሣችም። በረካው አልቆ ጎረቤት ሲነሣ «ቁጭ በሉ፤ ልጅቷ ምን እንደሆነች ሳንሰማ የት ትሄዳላችሁ!» ብላ ተቆጣች።

ሰውየው በአፉ የተረከው ስለሆነ ነው በጆሮ የሚጥመው። ዓረፍተ ነገሩ አጭር ነው፤ ማን ምን እንዳለ አይጠፋም፤ ስም አይበዛም። በትርጉም ውስጥ አልፎ፣ ከዚያም በእኔ ድምፅ አልፎ አክስቴ ዘንድ ሲደርስ ብዙ አልጎደለበትም። መምህር፣ ይቅርታ ያድርጉልኝና ይህን የሚያደርግ ጽሑፍ ቀላል ነው ማለት ይከብደኛል።

መምህር ዘወልድያ

እቴ ዓለም ነሽ፣ ይቅርታ የሚያስጠይቅ ነገር አልተናገርሽም። ስለ አክስትሽ የጻፍሽው ከብዙ የሥነ ጽሑፍ ትንታኔ ይበልጣል። ስለ አጋጣሚዎቹ ያለኝ አቋም ግን እንዳለ ነው።

ነርሷ (ደሴ)

ከሙያዬ አንጻር አንድ ነገር ልጨምር። ሼልደን ዕድሜውን ሙሉ ከባይፖላር የአእምሮ ሕመም ጋር ኖሯል፤ መድኃኒትም ይወስድ ነበር። ግለ ታሪኩ የሚጀምረው በ17 ዓመቱ ሕይወቱን ሊያጠፋ በተሰናዳበት ዕለት ነው። አባቱ ሳይታሰብ ወደ ቤት ይመለሳል። አይጮህበትም፤ አይመታውም። ይዞት ወጥቶ በእግር እየሄዱ ያናግረዋል። ሕይወት እንደ ልብ ወለድ ናት፣ እያንዳንዱ ቀን አንድ ገጽ ነው፣ ገጹን ሳትገልጥ የሚቀጥለውን አታውቅም የሚል ነገር ይነግረዋል። ይህን የተናገረው ያ መጽሐፍ አንብቦ የማያውቅ አባት ነው።

ስለ ሥራው ስናወራ ይህን መዝለል አይገባም። ኦስካር ያገኘ ጊዜ እንኳ ደስታ ሳይሆን ጨለማ እንደተሰማው ጽፏል። ሕመሙን በአደባባይ የተናገረውም ብዙዎች በሚደብቁበት ዘመን ነው። እንዲህ ዓይነት ሐሳብ የሚፈታተነው ሰው ከመካከላችን ካለ ለሚያምነው ሰው ይንገር፤ ደሴ ሆስፒታል የአእምሮ ሕክምና ክፍል አለ። መታከም አያሳፍርም።

ሐይቅ ዳር

በ2014 ዓ.ም. በጦርነቱ ጊዜ ከቤታችን ወጥተን ስንመለስ መጽሐፎቼ አልነበሩም። ያነሣሁት ቁጭቴን ለማውራት ሳይሆን ጥያቄ ስላለኝ ነው። አሁን አንድ በአንድ ከአሮጌ መጽሐፍ ሻጮች እየሰበሰብኩ ነው። በእንግሊዝኛ ካገኘኋቸው አንዱ ላይ የሼልደን ስም በትልቁ ተጽፎ ከሥሩ ቲሊ ባግሾው የሚል አለ። ታሪኩም ስልቱም የእሱ አልመስል አለኝ። ይህ ምንድን ነው?

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

ስሜትህ ትክክል ነው። ሼልደን ከሞተ በኋላ የቤተሰቡ ፈቃድ ተሰጥቷት እንግሊዛዊቷ ደራሲ ቲሊ ባግሾው በስሙ መጻፍ ቀጥላለች። የመጀመሪያው በ2009 የወጣው «ሚስትረስ ኦቭ ዘ ጌም» ሲሆን የ1982ቱ የ«ማስተር ኦቭ ዘ ጌም» ተከታይ ነው። ከዚያ በኋላም ብዙ ወጥተዋል። ስትገዛ የመጀመሪያውን የኅትመት ዓመት ተመልከት፤ ከ2004 በኋላ የወጣ ልብ ወለድ ከሆነ የእሱ እጅ የለበትም። እሷ መጥፎ ጸሐፊ ናት አልልም። በሽፋኑ ላይ የሟቹ ስም ከእሷ ስም በላይ ገዝፎ መታተሙ ግን አንባቢን የሚያሳስት ነው፤ ደስ አይለኝም።

ቦርከና (ኮምቦልቻ)

«ሬጅ ኦቭ ኤንጅልስ»ን ያላነበበ ይህን ይዝለል! የጄኒፈር ፓርከር ልጅ ሲሞት እኔ መጽሐፉን ግድግዳ ላይ ወርውሬዋለሁ። የተረጎሙልን ሰዎች የጨመሩት ነገር መስሎኝ ነበር፤ እንግሊዝኛውንም ፈልጌ አነበብኩ፣ እዚያም ሞቷል።

ዓለም ነሽ (ወረኢሉ)

ብቻህን አይደለህም። አንባቢዎች በቁጣ ደብዳቤ ጽፈውለታል። አንዲት ሴት ስልክ ቁጥሯን ልካ «ደውልልኝ፤ መተኛት አልቻልኩም፤ ለምን ገደልከው?» ብላዋለች። በኋላ ታሪኩ ለቴሌቪዥን ሲሠራ ልጁን በሕይወት አቆየው። እኔ ይህን ሳነብ ከመጽሐፉ በላይ ነካኝ። በሚሊዮን ለሚቆጠር ሰው የሚጽፍ ደራሲ የአንዲት ሴት እንቅልፍ ማጣት አሳስቦታል ማለት ነው።

መምህር ዘወልድያ

እኔ ደግሞ እዚህ ላይ ነው የምለያችሁ። ደራሲው ልጁ መሞት አለበት ብሎ ከጻፈ ሊጸናበት ይገባል። አንባቢ አለቀሰ ተብሎ ሙት አይነሣም።

ወደ ሌላ ነገር ልሂድ። ስለ ብዙኃን አንባቢ ከተነጋገርን የገዛ አገራችንን ሰው እንዴት ሳታነሡ ቀራችሁ? ማሞ ውድነህ የዚሁ የወሎ ሰው ናቸው፤ ዋግ ተወልደው፣ በጣሊያን ወረራ ጊዜ በልጅነታቸው ወላጆቻቸውን አጥተው ያደጉ። የስለላ ታሪኮችን ወደ አማርኛ እየመለሱ አንድ ትውልድ መጽሐፍ እንዲገዛ ያደረጉ እሳቸው ናቸው። ተውኔትና ታሪክም ጽፈዋል። በ2004 ዓ.ም. አርፈዋል። ለሼልደን አማርኛ አንባቢ ተዘጋጅቶ የጠበቀው ማሞ ውድነህን የመሳሰሉ ሰዎች አስቀድመው መንገዱን ስለጠረጉ ነው።

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

ጋሽ ማሞን ማንሣትዎ ደስ ብሎኛል፤ መምህር። ለእሳቸው ራሱን የቻለ ውይይት ይገባቸዋል፤ እርስዎ ቢከፍቱት እኔ የማውቀውን አመጣለሁ። ተርጓሚን በተመለከተ የምለው አንድ ነገር አለ፦ ከምንከራያቸው መጻሕፍት በብዙዎቹ ላይ የተርጓሚው ስም ያለበት ገጽ ቀድሞ የሚገነጠለው ነበር። ማን እንዳስነበበን ሳናውቅ አደግን። የሼልደንን ሥራዎች በሰው አማርኛ የመለሱልን ሰዎች ስማቸው ሽፋን ላይ በጉልህ ሊወጣ ይገባል።

ሐይቅ ዳር

ሼልደንን «ብዙ የጻፈ ደራሲ» የሚሉ ሰዎች አሉ፤ እኔ አልስማማም፦ 18 ልብ ወለድ የጻፈ ሰው እንዲህ ሊባል ይችላል? አጋታ ክሪስቲ 66 የወንጀል ምርመራ ልብ ወለዶች ጽፋለች። ባርባራ ካርትላንድ ደግሞ ከ700 በላይ መጻሕፍት።

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

ልብ ወለዱን ብቻ ከቆጠርክ ትክክል ነህ። ግን 200 ያህል የቴሌቪዥን ጽሑፎች፣ 25 ያህል ፊልሞች፣ በላዩም የብሮድዌይ ተውኔቶች አሉ። ልብ ወለዶቹም የመጡት ሌላው ሰው ጡረታ በሚያስብበት ዕድሜ ነው። ደግሞም አንዱን መጽሐፍ ደርዘን ጊዜ የጻፈ ሰው መቁጠሪያው ከሌላው ይለያል።

ጀማሪው (ኮምቦልቻ)

ጤና ይስጥልኝ ታላላቆቼ። ፋብሪካ ውስጥ በፈረቃ እሠራለሁ፤ መጻፍም እሞክራለሁ። ከእሱ የትኛውን ባነብ ይጠቅመኛል? አንድ መርጣችሁ ንገሩኝ።

ቦርከና (ኮምቦልቻ)

«ኢፍ ቱሞሮው ከምስ»። አትከራከር፣ ጀምረው።

የጦሳ ልጅ (ደሴ)

ለመደሰት ከሆነ ቦርከና ያለህ ይበቃል። ለመማር ከሆነ ግን «ማስተር ኦቭ ዘ ጌም»ን ያዝ። ጄሚ ማክግሬገር አልማዝ ፍለጋ ከስኮትላንድ ደቡብ አፍሪካ ሲደርስ ጀምሮ እስከ ልጅ ልጆቹ ድረስ ይሄዳል። መጀመሪያ ለታሪኩ ብለህ አንብበው። ሁለተኛ ጊዜ እርሳስ ይዘህ፣ እያንዳንዱ ምዕራፍ በምን እንደሚያልቅ ብቻ ጻፍ። አንባቢው አንድ ገጽ እንዲጨምር አስቦ እንደሚዘጋው ሼልደን አልደበቀም፤ በምን በምን መንገድ እንደሚዘጋው በገዛ እጅህ ስትጽፈው ይታይሃል። የጧቱን የጽሕፈት ጊዜ ለእሱ ሴክሬተሪው ትጠብቅለት ነበር፤ አንተ የፈረቃህን እረፍት ራስህ መጠበቅ ይኖርብሃል።

መምህር ዘወልድያ

ልጄ ጀማሪው፣ የጦሳ ልጅ ያለህን አድርግ። አጋጣሚዎቹንም በዚያው እርሳስ አስምርባቸው። እኔ የመጀመሪያዎቹ መቶ ገጾች ላይ ሰባት አግኝቼ ነበር፤ አንተ ስንት እንዳገኘህ እዚህ ጻፍልኝ።